የድሮ የሃንጋሪ ኮምፒውተር ዜማዎች

ሰሞኑን ማታ ማታ የማዳምጠው ሌላ ነገር የለም። እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ መጨረሻና በ1990ዎቹ መጀመሪያ የሃንጋሪ ወጣቶች ኮሞዶር 64 በሚባል የቤት ኮምፒውተር የሠሯቸውን ዜማዎች ነው። አንዱ ፋይል ጥቂት ኪሎባይት ቢሆን ነው። በስልኬ የማነሳው አንድ ፎቶ የብዙ መቶዎቹን ያህል ቦታ ይይዛል።

ፋይሉ ውስጥ የተቀዳ ድምፅ የለም። ያለው ትእዛዝ ብቻ ነው። ሲድ የሚባለው የኮምፒውተሩ ድምፅ አውጪ ቺፕ በሴኮንድ 50 ጊዜ ያህል አዲስ ትእዛዝ ይቀበላል፤ ይህን ኖታ ያዝ፣ ያንን ልቀቅ። ስለዚህ በከፈትኩት ቁጥር ዜማው እንደገና ይሠራል።

ቺፑ በአንድ ጊዜ የሚያወጣው ሦስት ድምፅ ነው። አንዱ ቤዙን፣ አንዱ ዜማውን ከያዘ ለኮርዱና ለከበሮው የሚተርፈው አንድ ነው። ልጆቹ መላ አላጡም። የኮርዱን ኖታዎች በየተራ በጣም በፍጥነት ያፈራርቋቸዋል፤ ጆሮ አብረው የተመቱ ይመስለዋል። ያ እርግፍግፍ የሚል ድምፅ የመጣው ከዚህ ነው። ከበሮው ደግሞ በመሀል ሹልክ ብሎ ገብቶ ይወጣል። ልብ ብላችሁ ስሙት፣ ከበሮው ሲመታ ኮርዱ ለቅጽበት ይጠፋል።

ሃንጋሪ ከተባለ ፕላስ 4 አይታለፍም። ሌላ አገር ገበያ ያጣው ይህ ኮሞዶር እዚያ በርካሽ ገብቶ ብዙ ቤት ደርሷል። እሱማ ሁለት ድምፅ ብቻ ነው ያለው። በሁለት ድምፅ እንዲህ ያለ ዜማ መሥራት መታደል ነው።

ጊዜው ቀላል አልነበረም። ምዕራባውያን ቴክኖሎጂያቸው ወደ ሶሻሊስት አገሮች እንዳይሻገር ይቆጣጠሩ ነበር። ብዙ ሰው ኮምፒውተሩን ከጎረቤት አገር ኦስትሪያ፣ ከቪየና ገዝቶ ነው ያመጣው። ጨዋታውም ሙዚቃውም በካሴትና በፍሎፒ እየተገለበጠ ከእጅ ወደ እጅ ይዞር ነበር።

ሃንጋሪን አላየሁም። ኮሞዶርም ኖሮኝ አያውቅም። ግን ይናፍቀኛል። አንድ ወጣት ቁጭ ብሎ የትኛውን ኖታ ልተው እያለ ሲያስብ የሚሰማኝ ይመስለኛል። በዛሬው ሙዚቃ ውስጥ ይህን ብዙም አላገኘውም።

የድሮው ሲድ ፊልተር፣ ማለትም የድምፁን ቀለም የሚቀይረው ክፍል፣ ደግሞ ከማሽን ማሽን ይለያያል። አንዱ ቤት ወፍራም የሆነው ቤዝ ሌላው ቤት ታፍኖ ይሰማል። እኔ የምሰማው በላፕቶፕ አስመስሎ የሚያጫውት ፕሮግራም ነው። ቡዳፔስት የመሄድ ዕድል ከገጠመኝ፣ የሚሠራ ኮሞዶር ያለው ሰው ፈልጌ አንዱን ዜማ እንዲከፍትልኝ እለምነዋለሁ።