ኪራዩን ለማን ልክፈል?

ከአራት ኪሎ ወደ ራስ መኮንን ድልድይ ከሚወርደው መንገድ ገባ ብሎ በሚገኝ ግቢ ውስጥ፣ ሁለት ክፍል ሰርቪስ ቤት ተከራይቼ መኖር ከጀመርኩ ሰባት ዓመት አልፎኛል። ከፊት ያለው ቪላና የእኔ ሰርቪስ የአከራዬ ሲሆኑ፣ በአጥሩ ጥግ የተደረደሩት የጭቃ ቤቶች በአዋጅ ቁጥር 47/1967 «ትርፍ ቤት» ተብለው የተወረሱ ናቸው። በዚያ አዋጅ ወርሃዊ ኪራያቸው እስከ 100 ብር የነበሩ ቤቶች ለቀበሌ፣ ከዚያ በላይ የሆኑት ደግሞ ለኪራይ ቤቶች አስተዳደር ተሰጥተው ነበር። የቀበሌ ቤት ጎረቤቴ ዛሬም ለወረዳው የምትከፍለው የወር ኪራይ እኔ ለመብራት ከማወጣው ያንሳል፤ አልቀናም ብል ውሸት ይሆናል።

አከራዬ እማማ በሕይወት ሳሉ ኪራዩን በእጃቸው እሰጣቸው ነበር። ደረሰኝ መጠየቅ እሳቸውን እንደ መጠራጠር ይቆጠራል ብዬ ስለማስብ አንድም ቀን ጠይቄ አላውቅም። ካረፉ በኋላ ቪላው ውስጥ የሚኖረው የበኩር ልጃቸው ኪራዩን መቀበል ቀጠለ፤ እኔም ሦስት ወር ያህል እንደ ልማዴ በጥሬ ገንዘብ ከፈልኩት። በአራተኛው ወር ከውጭ አገር የተመለሰች እህቱ በሬን አንኳኩታ፣ ውርሱ ገና ስላልተከፋፈለ ለወንድሟ ብቻ የምከፍለውን እንደማትቀበል በትሕትና ነገር ግን በማያሻማ ቃል ነገረችኝ። ካርታው ያኔም ሆነ ዛሬ በእናታቸው ስም ነው።

ነገሩ ይበልጥ የተወሳሰበው ውሉን ለማስመዝገብ ወረዳ በሄድኩ ጊዜ ነው። የመኖሪያ ቤት ኪራይ ቁጥጥርና አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1320/2016 የኪራይ ውል በጽሑፍ እንዲሆንና እንዲመዘገብ፣ ዘመኑም ከሁለት ዓመት እንዳያንስ፣ ቅድሚያ ክፍያውም ከሁለት ወር ኪራይ እንዳይበልጥ ይደነግጋል። ይህ ሁሉ ለተከራይ ጥሩ ጥበቃ ነው፤ ይሁን እንጂ አከራዩ ማን እንደሆነ አስቀድሞ የታወቀ መሆኑን ታሳቢ ያደርጋል። በእኔ ጉዳይ አከራይ ነኝ ባዮቹ ሁለት ሲሆኑ፣ አንዱ ሲፈርም ሌላው የሚቃወም በመሆኑ ውሉ ሳይመዘገብ ተመለስኩ።

ሕግ የተማረ ወዳጄ የሰጠኝ ምክር አጭር ነበር፦ «ተከራይ ሆነህ ስለ ባለቤትነት አትከራከር።» የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ባለዕዳ የሆነ ሰው ገንዘቡ የሚገባው ለማን እንደሆነ ሲጠራጠር፣ ለአንዳቸውም ከመክፈል ተቆጥቦ ገንዘቡን በፍርድ ቤት በማስቀመጥ ከግዴታው ነፃ መውጣት እንደሚችል ይደነግጋል። ይህን ቀድሜ ባውቅ ኖሮ የሦስቱን ወር ኪራይ በዚያው መንገድ አስቀምጥ ነበር፤ ወንድምየው በኋላ ቤቱን እንድለቅና ያልተከፈለ ኪራይ እንድከፍል ሲከሰኝ፣ በእጁ የተቀበለውን የሦስት ወር ገንዘብ አላስታወሰውም። በዚህ እሱን ከመውቀሴ በፊት ራሴን እወቅሳለሁ፤ ደረሰኝ ያልጠየቅኩት እኔ ነኝና።

እህትየዋ መብቴ ይነካል ብላ በክሱ ውስጥ ጣልቃ ገብ፣ ማለትም ሦስተኛ ተከራካሪ ሆና ቀረበች። ከዚያ በኋላ ችሎቱ የሚመረምረው የእኔን ኪራይ ሳይሆን የእነሱን ውርስ ሆነ፦ የወራሽነት ማስረጃው ማንን ይጨምራል፣ ቪላውን ማን ይዞታል፣ ሰርቪሱስ ለማን ድርሻ ይደርሳል የሚሉት ጥያቄዎች ሲነሱ እኔ ከኋላ ወንበር ላይ ተቀምጬ እሰማ ነበር። ወንድምየው «የእናቴን ቤት የማስለቅቀው እኔ ነኝ» ሲል፣ እህቱ «የእናታችን» ብላ አረመችው፤ ለእኔ የጉዳዩ ፍሬ ነገር በዚያች አንዲት ቃል ውስጥ ነበር። በመጨረሻ የእኔ መዝገብ የክፍፍሉ ክርክር ውጤት እስኪታወቅ ድረስ እንዲቆይ ታዘዘ።

አሁን በየወሩ መጀመሪያ ወደ ፍርድ ቤቱ ሄጄ ኪራዩን ሞዴል 85 በሚባለው የፍርድ ቤት የተቀማጭ ገንዘብ ደረሰኝ አስቀምጣለሁ። ሰልፉ ረጅም ስለሆነ ከሥራ ግማሽ ቀን ፈቃድ መጠየቅ ግድ ይለኛል፤ ደረሰኞቹን በፕላስቲክ ፋይል ከቀድሞው ውል ጋር አኑሬያቸዋለሁ። ወንድምየው በር ላይ ሲያገኘኝ ዛሬም ሰላም ይለኛል፤ ስለ ኪራይ ግን አንዳችንም አናነሳም።