ከፍል ውኃው ሲወጡ

በስምጥ ሸለቆ ውስጥ በሚገኝ አንድ የፍል ውኃ መታጠቢያ በነርስነት በምሠራበት ጊዜ፣ አብዛኞቹ ታጣቢዎች የሚመጡት ለመዝናናት ሳይሆን ከቁርጥማትና ከወገብ ሕመም እፎይታ ፈልገው ነበር። እምነቱ የቆየ ነው፤ አዲስ አበባ በ1879 ዓ.ም. የተቆረቆረችው እቴጌ ጣይቱ የፍል ውኃውን አካባቢ ስለወደዱት እንደሆነ ይታወቃል። ሙቀት ጡንቻን ስለሚያፍታታ ሰዎቹ ተሳስተዋል አልልም።

በዐቢይ ጾም አንድ አዛውንት ከልጃቸው ጋር ረጅም መንገድ ተጉዘው መጡ፤ የደም ግፊት መድኃኒታቸውን ሌሊት ውጠዋል፣ እህል ግን አልቀመሱም። የክፍሉ አስተናጋጅ በየመካከሉ በር እያንኳኳች ስትጠይቃቸው «ደኅና ነኝ» ይሏት ነበር፤ እውነትም ገንዳው ውስጥ እስካሉ ድረስ ደኅና ነበሩ። የወደቁት ብድግ ብለው ሊወጡ ሲሉ ነው።

ልጃቸው ደግፎ ሊያስቀምጣቸው ሲታገል አስተናጋጇ ከለከለችው። በጀርባቸው አስተኝታ እግራቸውን በርጩማ ላይ ከፍ አደረገች፣ እንፋሎቱ እንዲወጣ መስኮቱን ከፈተች፣ «አባቴ፣ አይነሡ፤ እንደተኙ ይቆዩ» እያለች አረጋጋቻቸው። እኔ ስደርስ የደም ግፊታቸው ወደ 80 በ50 ዝቅ ብሎ ነበር። ልጃቸው ከቧንቧው ውኃ ቀድቶ ሊያጠጣቸው ሲል፣ በደንብ ሳይነቁ የሚሰጥ ውኃ ወደ ሳንባ ሊገባ ስለሚችል አስቆምኩት። (የስምጥ ሸለቆ ፍል ውኃ አንድ ጉንጭ ባይጎዳም፣ ብዙ ጊዜ ፍሎራይዱ የዓለም ጤና ድርጅት ለመጠጥ ውኃ ካስቀመጠው በሊትር 1.5 ሚሊ ግራም ወሰን ስለሚያልፍ፣ አዘውትሮ ለመጠጣት አይሆንም።) ግፊታቸው እየተመለሰ ሲመጣ፣ በመውደቃቸው ጉዳት ደርሶባቸው እንደሆነ እንዲመረመሩ በመኪና ወደ ጤና ጣቢያ ላክናቸው።

በማግስቱ ሠራተኞቹን ሰብስቤ ያስረዳሁት ይህን ነው። ሙቀቱ የቆዳን የደም ሥሮች ያሰፋል፣ በውኃ ውስጥ የሚፈሰው ላብም ሳይታወቅ ሰውነትን ያደርቃል፤ ያም ሆኖ የውኃው ግፊት እግርን ከውጭ ስለሚጫን ደሙን ወደ ልብ ለመመለስ ያግዛል። ሰውየው ድንገት ሲቆም ይህ ድጋፍ በአንድ ጊዜ ስለሚቀር ደሙ ወደ እግሩ ይወርድና አንጎሉ ደም ያንሰዋል፤ ጾምና የግፊት መድኃኒት ሲጨመሩ ደግሞ ይብሳል። ግድግዳችን ላይ የተለጠፈው ማስጠንቀቂያ ግን ስለ ቆይታ እንጂ ስለ አወጣጥ አንድም ቃል አልነበረውም።

ከዚያ በኋላ የገንዳው ውኃ ከ40 ዲግሪ ሴንቲግሬድ እንዳያልፍ በቴርሞሜትር እየተለካ ቀዝቃዛ ውኃ ይቀላቀልበት ጀመር፤ ታጣቢውም ገንዳው ጠርዝ ላይ ተቀምጦ እግሩን ብቻ ውኃ ውስጥ ትቶ ጥቂት ከቆየ በኋላ አስተናጋጅ ጠርቶ እንዲነሣ ተወሰነ። ቲኬት የሚቆርጡት ሠራተኞች ስለ መድኃኒት ይጠይቁ መባሉ ክርክር አስነሥቶ ነበር፤ ሰው ሕመሙን በሰው ፊት መናገር አይወድም። ስለዚህ ጥያቄውን ወደ እኔ ክፍል አዛወርነው፤ የግፊት መድኃኒት የሚወስድ ሰው ለመታጠብ ብሎ መድኃኒቱን እንዳያቋርጥ፣ ይልቁንም ቆይታውን እንዲያሳጥር እዚያው ይነገረዋል።