የስካይሪም ሎድ ኦርደር፦ ግራና ቀኙን እስክለይ

ሰሞኑን ስካይሪም የሚባለው የኮምፒውተር ጌም ውስጥ ከሪቨርዉድ ተነስቼ ሶሊቱድ ድረስ በእግሬ ሄድኩ። ጌሙ አልተዘጋም። መንገድ ላይ ያገኘሁት ሰው ሁሉ ፊቱ ደህና ነበር። ስካይሪምን በሞድ፣ ማለትም ተጫዋቾች ሠርተው በሚጨምሩበት ማሻሻያ፣ የተጫወታችሁ ይሄ ምን ያህል ደስ እንደሚል ታውቃላችሁ። ከመቶ በላይ ሞድ፣ ያረጀ ላፕቶፕ፣ ያለ ክራሽ! ደስታው ሳይበርድ ስለ ሎድ ኦርደር፣ ማለትም ሞዶቹ ስለሚጫኑበት ቅደም ተከተል፣ የተማርኩትን ልጻፍ ብዬ ነው። በተለይ ጅማ ሆናችሁ መብራትና ኔት ለሚፈትናችሁ።

የምጫወተው እ.ኤ.አ. በ2016 የወጣውን ስፔሻል ኤዲሽን ነው። የ2011ዱ እትም 32 ቢት ስለሆነ ሞድ ሲበዛበት ሚሞሪ ያልቅበታል። እሱ ላይ ጊዜ ባታጠፉ ደስ ይለኛል።

ስለ አጀማመሬ ብዙ አላወራም። እኛ ሰፈር ሞድ የሚዞረው በሃርድ ዲስክ ነው። የፈረንጅ አራዳው ልጅ ለሂርማታው ልጅ ይገለብጥለታል፣ እሱ ደግሞ የራሱን ሁለት ሦስት ሞድ ጨምሮ ለሌላ ያቀብላል። ሁሉም ዳታ የሚባለው ፎልደር ውስጥ ተደባልቆ ይመጣል። የትኛው ፋይል ከየትኛው ሞድ እንደመጣ የሚያውቅ የለም። ስለዚህ አንዱን ማውጣት ብትፈልግ አትችልም። በዚህ ላይ ምንም ድርድር የለኝም፦ ዳታ ፎልደር ውስጥ በእጅ መገልበጥ ይቅር። እንደዚያ የመጣ ጌም ካላችሁ ዳታውን አጽድታችሁ ከዜሮ ጀምሩ። ሌላ መፍትሄ የለውም።

እኔ የምጠቀመው ሞድ ኦርጋናይዘር 2 የሚባለውን የሞድ ማስተዳደሪያ ፕሮግራም ነው። እያንዳንዱን ሞድ በራሱ ፎልደር ያስቀምጣል፣ ዋናውን ዳታ አይነካም፣ ጌሙ ሲነሳ ብቻ ሁሉም አንድ ላይ ያሉ አስመስሎ ያሳየዋል። ቮርቴክስ የሚባለው ሌላ ማስተዳደሪያም ይሠራል የሚሉ አሉ፣ ይሠራል። ግን እሱ ላይ ቅደም ተከተሉን በሕግ ነው የምትሰጠው፣ ይሄ ከዚያ በኋላ ይምጣ እያልክ። እኔ በማውስ ይዤ ስጎትትና ዝርዝሩን ከላይ እስከ ታች በዓይኔ ሳየው ነው የሚገባኝ።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ። ሎድ ኦርደር ሲባል ብዙ ሰው አንድ ዝርዝር ብቻ ይመስለዋል። ሁለት ናቸው። ሞድ ኦርጋናይዘር ላይ በግራ ያለው የፋይሎች ነው፣ ማለትም የሥዕሉ፣ የቅርጹ፣ የድምጹ። ሁለት ሞዶች በአንድ ስም የተሰየመ ፋይል ካላቸው ከታች ያለው ያሸንፋል። በቀኝ ያለው የፕለጊኖች ነው፣ ኢ.ኤስ.ኤም እና ኢ.ኤስ.ፒ የሚባሉት። ፕለጊን ውስጥ ያለው ሥዕል ሳይሆን መረጃ ነው፦ ይሄ ሰው ስሙ ማነው፣ ምን ይለብሳል፣ ጠዋት የት ይሄዳል፣ ይሄ ሰይፍ ስንት ይመዝናል። እዚህም የመጨረሻው ያሸንፋል። ሰሌዳ ላይ የሚነበበው መጨረሻ የተጻፈው እንደሆነ ማለት ነው።

ልብ በሉ፣ ፕለጊን ሲያሸንፍ የሚያሸንፈው በሙሉ መዝገቡ ነው። አንድ ሞድ የአንድን ሰው ጫማ ብቻ ቀየረ እንበል። ፕለጊኑ ውስጥ ግን ጫማው ብቻ ተነጥሎ አይቀመጥም። የሰውየው መዝገብ እንዳለ ተገልብጦ ይገባል። ስለዚህ ከእሱ በፊት ሌላ ሞድ ፀጉሩን አሳምሮ ከነበረ፣ ፀጉሩ ወደ ድሮው ይመለሳል። ጫማ የቀየረው ሰው ስለ ፀጉር አላሰበም፣ ጌሙ ግን ይሄን አያውቅለትም።

ይሄ ነው ወደ ጠቆረው ፊት የሚያመጣን። ያላያችሁት ካላችሁ፦ ሰውየው አንገቱ ነጭ፣ እጁ ነጭ፣ ፊቱ ከሰል ይሆናል። እኔን የታየኝ መጀመሪያ አንጥረኛው ላይ ነው፣ ከዚያ ነጋዴዎቹ ላይ፣ ከዚያ ግማሹ ከተማ ላይ። የሰፈር ጓደኛዬን ብጠይቀው "አብሽር፣ የግራፊክስ ካርድህ ነው" አለኝ። ካርዱ ምንም አላደረገም።

ምክንያቱ ይሄ ነው። የሰው ፊት ስካይሪም ውስጥ ሁለት ቦታ ተቀምጧል። አንዱ ፕለጊኑ ውስጥ ነው፦ የአፍንጫው ቅርጽ፣ የቆዳው ቀለም፣ የፀጉሩ ዓይነት። ሌላው አስቀድሞ የተሠራ የፊት ፋይል ነው፣ ፌስጄን ይሉታል፣ ስሙም የዚያ ሰው መለያ ቁጥር ነው። ሁለቱ መስማማት አለባቸው። ፕለጊኑ ከአንዱ ሞድ፣ ፌስጄኑ ከሌላው ሞድ ከመጣ ሰውየው ከሁለት ያጣ ይሆናል፣ ፊቱም ይጠቁራል። ያሸነፈው ፕለጊን በቀኝ፣ ያሸነፈው ፋይል በግራ፣ ሁለቱም ከአንድ ሞድ መሆን አለባቸው። በቃ።

ይሄን ካወቅኩ በኋላም ግን ችግሩ በሙሉ አልለቀቀኝም። ግማሾቹ ፊቶች ተስተካከሉ፣ ግማሾቹ እምቢ አሉ። ሁለት ነገር ነበር የተደበቀው።

አንደኛው የሰዎቹን የዕለት ውሎ የሚቀይር ሞድ ነው። ጠዋት ወደ ገበያ፣ ማታ ወደ መጠጥ ቤት የሚልካቸው። በጣም የምወደው ሞድ ነው። ፊት አይነካም ብዬ አስቤ ከሁሉም በታች ነበር የተቀመጠው። ከላይ እንዳልኩት ግን መዝገቡ የሚመጣው ከነሙሉ ነው። ውሎውን ሊቀይር መጥቶ የድሮውን የፊት መረጃም ይዞ መጣ፣ ፌስጄኑ ግን ፊት የሚያሳምረው የሌላኛው ሞድ ነው። ጠቆረ።

ሁለተኛው የባሰ ነው፣ ብዙ ሌሊት የበላውም እሱ ነው። ሞዶች ፋይላቸውን በሁለት መንገድ ይዘው ይመጣሉ። አንዳንዶቹ ፋይሉን በግልጽ እንደተበተነ፣ አንዳንዶቹ ቢ.ኤስ.ኤ በሚባል አንድ ጥቅል ውስጥ። የተበተነ ፋይል ሁልጊዜ ጥቅሉን ያሸንፋል። በግራ በኩል የፈለጋችሁትን ያህል ብትጎትቱት ለውጥ የለውም። ሁለት የፊት ማሳመሪያዎች ነበሩኝ፣ አሮጌው የተበተነ፣ አዲሱ በጥቅል። አዲሱን ከታች አድርጌዋለሁ፣ ፕለጊኑም አሸንፏል፣ ፊቱ ግን ከአሮጌው ይመጣል። እያንዳንዱ ነገር ትክክል ይመስላል። ሰውየው ግን ከሰል ነው!

መፍትሄው ቀላል ነው። የአሮጌውን ሞድ ስም ሁለቴ ክሊክ አድርጎ የግጭቶቹን ገጽ መክፈት፣ ከዚያ የማንፈልገውን የፊት ፋይል መደበቅ። ሞድ ኦርጋናይዘር ፋይሉን አያጠፋውም፣ ስሙ ላይ ቅጥያ ጨምሮ ጌሙ እንዳያየው ያደርጋል። ሐሳብህን ከቀየርክ ትመልሰዋለህ። ወይም ደግሞ ጥቅሉን ፈትቶ መበተን፣ ያኔ በግራ ያለው ቅደም ተከተል መሥራት ይጀምራል። እኔ መደበቁን እመርጣለሁ፣ ዲስክ አይበላም።

ለዕለት ውሎው ሞድ ደግሞ ፕለጊን ከፍቶ የሚያርመው ኤስ.ኤስ.ኢ ኤዲት የሚባል ፕሮግራም ያስፈልጋል። ወላሂ ከዚህ የተሻለ መሣሪያ አላየሁም። ስትከፍተው ያስፈራል፣ በቁጥር የተሞላ ሠንጠረዥ ነው። ግን አንድ ሰው ስትመርጥ እሱን የነኩት ፕለጊኖች ሁሉ ከግራ ወደ ቀኝ ይደረደራሉ፣ በቀኝ መጨረሻ ያለው አሸናፊ ነው። የተሸነፈው በቀይ ፊደል ይታያል። ግምት የለም፣ ሁሉም ፊትህ ነው። እዚያው ላይ አዲስ ትንሽ ፕለጊን ትከፍታለህ፣ የማሳመሪያውን መዝገብ ትገለብጥበታለህ፣ ከውሎው ሞድ ደግሞ የውሎውን ክፍል ብቻ በማውስ ጎትተህ ትጨምርበታለህ። ያንን ትንሽ ፕለጊን መጨረሻ ላይ ታስቀምጣለህ። አሁን አንጥረኛው ፊቱም አማረ፣ ማታም መጠጥ ቤቱ ይሄዳል። መጀመሪያ ሲሳካልኝ እንዴት እንደተደሰትኩ አልነግራችሁም።

እንዲህ ዓይነት ትንንሽ ፕለጊኖችን ኢ.ኤስ.ኤል፣ ማለትም ቀላል ፕለጊን፣ ብላችሁ ምልክት አድርጉባቸው። ተራዎቹ ፕለጊኖች 254 ላይ ይቆማሉ፣ ቀላሎቹ ግን እስከ 4096 ድረስ በአንድ ቦታ ተጠጋግተው ይገባሉ።

ሉት ስለሚባለው ፕለጊን ደርዳሪ ፕሮግራም ደግሞ። "ሉትን ካስነሳህ አለቀ" የሚል ምክር በየቦታው አለ። አልስማማም። ሉት ፕለጊኖችን ደህና አድርጎ ይደረድራል፣ ማስተር፣ ማለትም የሚደገፍበት ሌላ ፕለጊን፣ የጎደለውን ይነግርሃል፣ ለዚህ እኔም እከፍተዋለሁ። ግን የሚነካው የቀኙን ዝርዝር ብቻ ነው። ግራውን አያየውም። ደግሞም የአንጥረኛው ፊት ከየትኛው ሞድ ቢሆን ደስ እንደሚልህ ሊያውቅልህ አይችልም። ከደረደረልህ በኋላ ራስህ እይ።

በአንድ ክሊክ የሚወርዱ ትልልቅ ዝግጁ ዝርዝሮችም አሉ፣ ከመቶ ጊጋባይት የሚበልጡ። ጥሩ ኔት ላለው ይመቸው። እዚህ በሌሊት ጥቅል ይሄን ማውረድ አይታሰብም፣ ካወረዱትም በኋላ የተበላሸ ነገር ሲኖር ማስተካከያው አይገባችሁም። እኔ የምመክረው ሞዶቹን በሃርድ ዲስክ መለዋወጥ ነው፣ ግን እንደ ድሮው ሳይሆን የሞድ ኦርጋናይዘሩን ፖርተብል ፎልደር እንዳለ። ሁሉም ሞድ በየፎልደሩ ተለይቶ ይመጣል። የግራውም የቀኙም ቅደም ተከተል ፕሮፋይሉ ውስጥ ያሉ ተራ የጽሑፍ ፋይሎች ናቸው፣ በጣም ትንንሽ። ሞዶቹ አንዴ ከተዳረሱ በኋላ እነዚያን ብቻ በቴሌግራም መላላክ ይበቃል።

ሲለዋወጡ የጌሙን ቨርዥን ማየት ግን ግድ ነው። እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2021 የወጣው አፕዴት ኤስ.ኬ.ኤስ.ኢ በሚባለው የጌሙን አቅም የሚያሰፋ ተጨማሪ ፕሮግራም የሚሠሩትን ብዙ ሞዶች ከጥቅም ውጪ አድርጓል፣ ከዚያ በፊት የተሠራና ከዚያ በኋላ የተሠራ ሲደባለቅ ጌሙ ገና ሳይነሳ ይዘጋል። ያ የቅደም ተከተል ችግር አይደለም፣ በመጎተት አይስተካከልም። ክረምት ላይ ደግሞ ሴቭ ስታደርጉ በተለያየ ስም አድርጉ፣ እዚህ ዝናብ ሲጀምር መብራት ሊሄድ ይችላል፣ በመሃል የተቋረጠ ሴቭ አይከፈትም።

አሁን የያዘኝ ከተማ የሚቀይሩ ሞዶች ናቸው። ሁለቱ አንድ ቦታ ላይ ሲገናኙ ሰዎች ግድግዳ ላይ ተለጥፈው ይቀራሉ፣ ምክንያቱም መሄጃቸውን የሚያሳየው ናቭሜሽ የሚባለው ካርታ ከአንዱ ሞድ ብቻ ነው የሚመጣው። ይሄን በኤስ.ኤስ.ኢ ኤዲት እንደ ፊቱ ማጣመር አይቻልም፣ ክሬሽን ኪት የሚባለውን የጌሙን መሥሪያ ፕሮግራም ከፍቶ ካርታውን እንደገና መሥራት ይጠይቃል። እስከዚያ ድረስ ለአንድ ከተማ አንድ ሞድ ብቻ እየመረጥኩ ነው። ለኋይትረን የመረጥኩትን ወድጄዋለሁ፣ ለሪፍተን ግን ገና አልወሰንኩም።