ዕቃ ቋንቋ አይጠይቅም

የፊልም አርት ዲፓርትመንት (የትዕይንቱን ቤትና ዕቃ የሚያዘጋጀው ክፍል) የገባሁት ፍቅር ይዞኝ አይደለም። በሰው አገር አፌ ሲታሰር እጄ ቀረኝ። ሶፋ ለመሸከም ሰዋስው አያስፈልግም፤ ዕቃ ደግሞ አነጋገርህን ሰምቶ "ከየት ነህ?" አይልህም። ስምንት ዓመት ዕቃ ተሸከምኩ፣ ግድግዳ ቀባሁ፣ አዲስ ወረቀት በሻይ ነክሬ አስረጀሁ። ሻማ የሚበራበት ትዕይንት ካለ ቁመታቸው የተለያየ ሻማዎች ደርድሬ እጠብቃለሁ፤ ቀረጻ የታሪኩን ቅደም ተከተል ስለማይከተል ጠዋት ያለቀችው ሻማ ከሰዓት ረዝማ መገኘት አለባት።

ሥራው ስክሪፕት ማንበብ ያስተምራል። ሌላው ሰው ገጸ ባሕርይው ምን እንደሚናገር ሲያነብ፣ አንተ ኪሱ ውስጥ ምን እንዳለ ታስባለህ። ዳይሬክተሩ ሪድሊ ስኮት ቢቢሲ ውስጥ የትዕይንት ዲዛይነር ነበር፤ የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ1977 ወጣ። ካትሪን ሃርድዊክም ዓመታት በፕሮዳክሽን ዲዛይነርነት ሠርታ ነው እ.ኤ.አ. በ2003 ዳይሬክተር ሆና ብቅ ያለችው። እነሱን ቆጥሬ "እኔስ ምን ያንሰኛል?" አልኩ። (ሁለቱም አፋቸውን በፈቱበት ቋንቋ እንደሚያዝዙ ረስቼ!)

የመጀመሪያ አጭር ፊልሜ ላይ ተዋናይዋ "እዚህ ጋ ለምንድነው የምነሳው?" ብላ ጠየቀችኝ። ሄጄ የጠረጴዛውን መብራት ትንሽ ወደ ግራ ገፋሁት። ካሜራማኑ ሳቁን ዋጠ። ፊልሙ ሲያልቅ ክፍሉ ያምራል፤ ልጅቷ ግን በገዛ ቤቷ እንግዳ ትመስላለች።

ለሁለተኛው ፊልም የሟቹን አባት ወንበር ራሴ አዘጋጀሁት። የግራውን የእጅ መደገፊያ ብቻ ፈትጌ ቀለሙን አስለቅቄዋለሁ፤ በልቤ ሰውየው ግራኝ ነበር። እንዲህ ያለውን ነገር ስምንት ዓመት ሙሉ ለማንም ተናግሬ አላውቅም፤ ማን ይጠይቀኛል? ልምምድ ላይ ያቺው ተዋናይ ስትመጣ ወለሉ ላይ አጠገቧ ተቀመጥኩና በተሰባበረ ቋንቋዬ "አባትሽ ግራኝ ነበር" አልኳት። ግሡን ሳልሳሳት አልቀረሁም። ወንበሩን ዞር ብላ አየችው፣ ሌላ ነገር አልጠየቀችኝም።

ቀረጻው ላይ ስትነሳ እጇ የተላጠውን እንጨት ዳበሰ፤ ወንበሩም ከቦታው ትንሽ ፈቀቅ አለ። ወዲያው የአርት ዲፓርትመንቱ ልጅ ሊያስተካክለው ሮጦ ገባ።

"ተወው" አልኩት።