የቀረችው ቃል

ዛሬ የእናቴን የመድኃኒት ቦርሳ ሳስተካክል የ2012 ዓ.ም. የደም ግፊት ክትትል ካርዷን አገኘሁት። ከመጋቢት በኋላ አንድም የተጻፈበት ቀን የለም።

የዚያ ዓመት ስቅለት የዋለው ሚያዝያ 9 ቀን ነበር። የአስቸኳይ ጊዜ አዋጁ ከታወጀ ዐሥር ቀን እንኳ ስላልሞላው፣ እናቴ ጸሎቱን በቴሌቪዥን እየተከታተለች ነጠላዋን አደግድጋ ሳሎን ውስጥ ትሰግድ ነበር። በዚያው ዕለት መቀመጫውን እዚሁ አዲስ አበባ ያደረገው የተባበሩት መንግሥታት የአፍሪካ ኢኮኖሚ ኮሚሽን፣ ኮሮና በአህጉሪቱ ከ300 ሺህ እስከ 3.3 ሚሊዮን ሰው ሊገድል እንደሚችል የሚገምት ሪፖርት አወጣ። ትልቁ ቁጥር የተሰላው ምንም የመከላከያ እርምጃ ካልተወሰደ በሚል ነበር። እኔ ስልኬ ላይ ያየሁት ርእስ ግን ቁጥሩን እንጂ «ካልተወሰደ» የምትለዋን ቃል አልያዘም፤ እኔም ዝርዝሩን ሳልከፍት «እማዬ፣ በአፍሪካ ከ3 ሚሊዮን በላይ ሰው ያልቃል ተባለ» ብዬ ነገርኳት። ከስግደቷ ቀና ብላ «እግዚኦ!» አለች፤ መቁጠሪያው ከእጇ ወደቀ።

ፍርሃት የሚፈራውን ነገር ራሱ ሲፈጥር ከዚያ በፊትም አይተን ነበር። መጋቢት 4 ቀን የመጀመሪያው ታማሚ መገኘቱ እንደተነገረ፣ ሎሚና ነጭ ሽንኩርት ሊወደድ ነው የሚለው ወሬ ሰውን ወደ ገበያ አስሮጠው፤ የሚያስወድደው የዚያ ሁሉ ሰው ሩጫ መሆኑን ያሰበ አልነበረም። የእናቴ ፍርሃት ግን ያሮጣት ወደ ገበያ ሳይሆን ወደ ጓዳዋ ነው። «በሽታው ያለው እዚያው ጤና ጣቢያ ነው» ብላ ቀጠሮዋን ተወች፣ ኪኒኗን በአንድ ቀን እየዘለለች አብቃቃችው፣ ግንቦት ላይም አለቀባት። ሰኔ ውስጥ አንድ ጠዋት ቡና ስትቆላ ማንከሽከሻው ከእጇ አመለጠ፤ ግራ ጎኗ አልታዘዝ አላት። የፈሩት ይደርሳል ይባላል፤ እሷን ያገኛት ግን የፈራችው በሽታ አልነበረም።

ሪፖርቱ ባይወጣ ይሻል ነበር አልልም። እጃችንን የታጠብነውም፣ ከለቅሶ ቤት የቀረነውም ፈርተን ነው፤ አደጋን አስቀድሞ የሚናገር ሰው ያስፈልጋል። ልቤን የሚበላኝ ሰው ምን ማድረግ እንደሚችል የምትነግረው ያቺ አንዲት ቃል በመንገድ መቅረቷ፣ የመጨረሻው አስቀሪዋም እኔ መሆኔ ነው። «ካልተወሰደ» ብዬ አንብቤላት ቢሆን ኖሮ፣ የሚወሰድ እርምጃ እንዳለ፣ ኪኒኗን ሳያቋርጡ መዋጥም አንዱ እንደሆነ አብረን እንነጋገር ነበር።

ካርዱን መልሼ ቦርሳው ውስጥ አስቀመጥኩት። የሚቀጥለው ቀጠሮዋ ረቡዕ ጠዋት ነው፤ ግራ እጇን ደግፌ እኔው እወስዳታለሁ።