የደሴ ሸርተቴ

ዛሬ ዝናቡ እንዳባራ የሰፈራችንን ቁልቁለት ስወርድ ጭቃው ይዞኝ ነጎደ። ከፊቴ ዣንጥላ የያዙ እናት አሉ። "እማማ፣ ዞር ይበሉልኝ!" ብዬ ጮህኩ። (በዚያ ፍጥነት እንኳ አንቱታው አልጠፋኝም።) አልደረሰም። ተያይዘን ጭቃው ላይ ቁጭ!

ነጠላቸው ጭቃ ለብሷል። እሱን ሳያዩ ወደ እኔ ዞረው፣ "እኔን! አብሽር ልጄ፣ ተጎዳህ?" አሉኝ። ገጪው እኔ፣ "እኔን" ባይዋ እሳቸው! ይቅርታ የምልበት ፋታም አላገኘሁ።

የዓለም አቀፉ የበረዶ ሸርተቴ ፌዴሬሽን 10 የሥነ ምግባር ደንቦች አሉት። 3ኛው፣ ከኋላ የሚመጣ ሰው ከፊቱ ያለውን አደጋ ላይ የማይጥል መንገድ ይምረጥ ይላል። በጦሳ ተራራ ሥር በሐምሌ ጭቃ ማን መንገድ ይመርጣል? ጭቃው ነው የሚመርጥልህ። 9ኛው ደግሞ አደጋ ሲደርስ ሁሉም ይርዳ ይላል።

እማማ ዣንጥላቸውን ምርኩዝ አድርገው ቀድመውኝ ተነሱና እጃቸውን ዘረጉልኝ። ዣንጥላው ጎብጧል።