በሃድ ስቱዋርት ዱካ፦ ከሚሺጋን የመዳብ አገር እስከ ቶሮንቶ

የበረዶ ሆኪ ተጫዋቹ ሃድ ስቱዋርት ስም ካተረፈባቸው አራት የበረዶ አዳራሾች ሁለቱ ተቃጥለዋል፣ አንዱ ተነቅሎ ሌላ ከተማ ተተክሏል፣ አንዱ ፈርሷል። ስለዚህ የእሱን መንገድ የሚከተል ሰው የሚያየው ቦታውን፣ ብርዱንና ደመወዙ የወጣበትን የመዳብ ጉድጓድ ነው። ለእኛ ያ በቂ ነው፤ ሕንፃ ለማየት ብቻ የሚሄድ ግን ከወዲሁ ቢያውቀው ይሻላል።

ስቱዋርት በ1879 (ዓመቶቹም ወሮቹም ቀኖቹም በሙሉ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው) ኦታዋ ተወልዶ፣ ለኦታዋና ለኩቤክ ተጫውቶ፣ በ1902 ለገንዘብ ወደ ፒትስበርግ ተሻገረ። ካናዳ ውስጥ ያኔ ተጫዋች ደመወዝ መቀበል ክልክል ነበር፤ ክፍያ የተቀበለ ሰው ከአማተር ሊጎች ይታገዳል። በ28 ዓመቱ እስኪሞት ድረስ በዘመኑ ከነበሩት ተከላካዮች የሚስተካከለው አልነበረም የሚሉ ብዙ ናቸው።

ጉዞው ከሆተን፣ ሚሺጋን ይጀምራል። ከሚኒያፖሊስ ተነስቶ በዱሉዝ፣ በአሽላንድና በአይረንውድ በኩል 600 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ መንገዱ ደረቅ ሲሆን ሰባት ሰዓት ያህል ይወስዳል። አይረንውድን ካለፉ በኋላ የሰዓት ክልሉ ስለሚቀየር አንድ ሰዓት ይዘላል። ይህን ረስቶ ጨዋታ ለማየት የሚሄድ ሰው የመጀመሪያው ክፍል አልቆ ይደርሳል። በብርዱ ወራት ከሐይቁ የሚነሳው የበረዶ ውሽንፍር መንገዱን በደቂቃዎች ውስጥ ያጠፋዋል፤ አካፋ፣ ብርድ ልብስና ግማሽ ታንክ ነዳጅ ሳይዙ አይወጣም። ከካሉሜት በስተሰሜን፣ ሞሃክ አጠገብ፣ እንደ ቴርሞሜትር የተሠራ ረጅም ምልክት ቆሟል፤ በ1978–79 የወረደውን 390.4 ኢንች በረዶ ያሳያል። ወደ አስር ሜትር መሆኑ ነው።

ሆተን ላይ የሚፈለገው ዲ ስታዲየም ነው፤ የከተማው ውሃ ዳር ላይ፣ ከተንቀሳቃሹ ድልድይ ብዙም ሳይርቅ ይገኛል። በታኅሣሥ 1902 የተከፈተው አምፊድሮም የተባለው የበረዶ አዳራሽ የነበረው እዚሁ ነው። እሱ በ1927 ተቃጥሎ በቦታው የተሠራው ነው ዛሬ የሚታየው። የአካባቢው የጥርስ ሐኪም ጃክ ጊብሰን ያቋቋመው የፖርቴጅ ሌክ ቡድን ስቱዋርትንና ወንድሙን ብሩስን ለ1903–04 አስመጣቸው። በማግሥቱ ወቅት ሆተን፣ ካሉሜት፣ ሁለቱ ሱ ሴይንት ማሪዎች (አንዷ አሜሪካ፣ አንዷ ካናዳ ያሉ ከተሞች) እና ፒትስበርግ ተጫዋቾቹ ሁሉ በይፋ የሚከፈላቸውን የመጀመሪያውን የሆኪ ሊግ መሠረቱ። ሊጉ ከ1904 እስከ 1907 ቆየ።

ለምን እዚህ? መዳብ ገንዘብ አመጣ፣ ገንዘቡ የሚዝናና ሕዝብ አመጣ፣ ብርዱ ደግሞ በረዶውን በነፃ ሰጠ። ማቀዝቀዣ አልነበረም። ማታ መስኮትና በር ይከፈታል፣ ውሃው በስሱ ይረጫል፣ ሲጠነክር እንደገና ይረጫል። አንድ ጊዜ ብዙ ውሃ የተደፋ እንደሆነ ከላይ ያለው ይጠነክርና ከሥሩ ባዶ ይቀራል፤ ከዚያ የጫማው ምላጭ ሰብሮት ይገባል። አየሩ ሲሞቅ ደግሞ ላዩ ላይ ውሃ ይቋጥራል፣ ፐኩም (ሦስት ኢንች ስፋት፣ አንድ ኢንች ውፍረት ያለው የላስቲክ ክብ) አልንሸራተት ብሎ ይጣበቃል።

የስቱዋርትን ጨዋታ ለመረዳት ይህን ማወቅ ግድ ነው። ያኔ አንድ ቡድን ሰባት ሰው ነው፦ በረኛ፣ ፖይንት፣ ካቨር ፖይንት፣ ሮቨር፣ የመሐል አጥቂና ሁለት ክንፎች። ጨዋታው ሁለት የሠላሳ ደቂቃ አጋማሽ ሲሆን የጀመረው ሰው እስከ መጨረሻው ይጫወታል። በረኛው እንኳ በረዶው ላይ መውደቅ አይፈቀድለትም። ሁለቱ ተከላካዮች እንደ ዛሬው ጎን ለጎን አይቆሙም፤ ፊትና ኋላ ናቸው፣ ከፊት ያለው ካቨር ፖይንት ነው። ስቱዋርት የያዘው እሱን ነው።

ወደፊት ማቀበል ክልክል ስለነበር ፐኩን የቀማ ተከላካይ ሁለት ምርጫ ብቻ አለው። አንዱ በዱላው ከፍ አድርጎ ከጣሪያው ሥር ወደ ተቃራኒው ጫፍ መላክ ነው፤ ቡድኑ ትንፋሽ ያገኛል፣ ፐኩ ግን ለባላጋራ ይሰጣል። ሁለተኛው ራሱ ይዞ መውጣት ነው። መሐል ላይ ከተነጠቀ ከኋላው የሚቀሩት ፖይንቱና በረኛው ብቻ ስለሆኑ አብዛኛው ሰው ይፈራዋል። ስቱዋርት ትልቅ ሰውነትና ፍጥነት አንድ ላይ ስለነበሩት ይዞ ይወጣል፣ ያገባል፣ ከተነጠቀም ቀድሞ ይመለሳል። ረጅም ዱላው ብዙ ጊዜ ሰው ሳይገጭ ፐኩን ይነጥቅለት ነበር። በእኛ ግምት ደመወዙን ያስወደደው የመመለሱ ፍጥነት ነው፤ ይዞ የሚሮጥ ሌላም ነበር።

ከሆተን ወደ ካሉሜት 20 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። መንገድ ላይ ሃንኮክ ያለው የኩዊንሲ ማዕድን በሞቃቱ ወራት ይጎበኛል፤ ከመሬት በታች ዓመቱን ሙሉ 6 ዲግሪ አካባቢ ስለሆነ ሐምሌም ቢሆን ጃኬት ይያዝ። ካሉሜት ላይ ብዙ ጎብኚ የሚሳሳትበት ነገር አለ። በቀይ ድንጋይ ሕንፃዎቹ መሐል የሚገኘው ኮሎሲየም በጣም አሮጌ ስለሆነ ስቱዋርት የተጫወተበት ይመስላል፤ ግን የተሠራው በ1913 ነው፣ እሱ ከሞተ ከስድስት ዓመት በኋላ። እሱ በ1904–05 ካሉሜትን በአሠልጣኝነትና በሥራ አስኪያጅነት ጭምር 1,800 ዶላር እየተከፈለው ሲመራ፣ ቡድኑ የሚጫወተው ጎረቤት ሎሪየም በነበረው ፓሌስትራ ነበር። ዋንጫውም የዚያን ዓመት የካሉሜት ሆነ። ፓሌስትራ በ1921 ተነቅሎ ማርኬት ወደምትባል ከተማ ተወሰደ። ኮሎሲየሙን ግን አትዝለሉት፤ የዚያን ዘመን አዳራሽ ስፋትና የጣሪያ ከፍታ ለመገመት ከእሱ የተሻለ ቦታ በአካባቢው የለም።

ፒትስበርግን ብትተዉት አይቆጭም፤ የበረዶ አዳራሿ ዱኬን ጋርደን በ1956 ፈርሷል። ለታሪኩ ግን ዋናው ነገር በረዶው በማሽን የሚሠራ መሆኑ ነው፦ የቀዘቀዘ የጨው ውሃ በቧንቧ ከወለሉ ሥር ይዘዋወራል። የአየሩን ጠባይ መጠበቅ ስለማያስፈልግ ፒትስበርግ ከካናዳ ቀድማ ደመወዝ መክፈል ችላለች።

ከሆተን ወደ ሱ ሴይንት ማሪ ከ420 ኪሎ ሜትር በላይ ነው፤ ድልድዩን ተሻግሮ ካናዳ ይገባል። የኢትዮጵያ ፓስፖርት ብቻ የያዘ ሰው የካናዳ ቪዛ አስቀድሞ ማውጣት አለበት። የአሜሪካ ግሪን ካርድ ያለው ቪዛ አያስፈልገውም፣ ካርዱንና ያላለፈበት ፓስፖርት አንድ ላይ ይያዝ። ከዚያ እስከ ኦታዋ 800 ኪሎ ሜትር የሚጠጋ ጫካ ነው፤ ማደሪያ አስቀድማችሁ ያዙ።

ኦታዋ ላይ መቃብሩ ቢችውድ ነው። ግቢው እጅግ ሰፊ ስለሆነ ከመግባት በፊት ቢሮውን የመቃብሩን ክፍልና ቁጥር ጠይቁ። ሞንትሪያል ላይ የዋንደረርስ ቡድን ቤት የነበረው አዳራሽ በጥር 1918 ተቃጥሏል፤ ቦታው ዛሬ አትዎተር ሜትሮ ጣቢያ አጠገብ ያለው አሌክሲስ ኒሆን የገበያ ማዕከል ነው። የካናዳው ሊግ ለተከፋይ ተጫዋቾች በሩን ሲከፍት ስቱዋርት በ1906–07 ወደዚህ መጣ፤ መጋቢት 1907 ዋንደረርስ የኬኖራን ቡድን አሸንፎ በሆኪ ትልቁን ሽልማት፣ የስታንሊ ዋንጫን፣ ወሰደ።

ከሦስት ወር በኋላ፣ ሰኔ 23፣ ቤልቪል ከተማ የአባቱን የግንባታ ሥራ እየተቆጣጠረ ሳለ እየዋኘ ከደረሰበት የመርከብ መሪ መብራት ማማ ላይ ወደ ኩዊንቴ ባሕረ ሰላጤ በጭንቅላቱ ዘሎ ገባ። ውሃው ጥልቀት አልነበረውም፤ ጭንቅላቱ ከድንጋይ ጋር ተጋጭቶ አንገቱ ተሰበረ። ቤልቪል ከቶሮንቶ 190 ኪሎ ሜትር ያህል በምሥራቅ፣ በ401 አውራ ጎዳና ላይ ስለሆነች በአንድ ቀን ደርሶ መመለስ ይቻላል። በባሕረ ሰላጤው ዳር የእግር መንገድ አለ። እዚያ መዋኘት ያማራችሁ እንደሆነ በእግራችሁ ግቡ፣ በጭንቅላት አትዝለሉ።

ጥር 2፣ 1908 ዋንደረርስ ከሊጉ ምርጥ ተጫዋቾች ጋር በሞንትሪያሉ አዳራሽ ገጥሞ 10 ለ 7 አሸነፈ። በሆኪ የመጀመሪያው የከዋክብት ጨዋታ እሱ ነው፤ ከ2,000 ዶላር በላይ የሆነው ገቢ ለሚስቱና ለሁለት ልጆቹ ተሰጠ። ቶሮንቶ ላይ ያለው የሆኪ የክብር አዳራሽ በ1945 መጀመሪያ ከመረጣቸው አንዱ ስቱዋርት ነው። አዳራሹ ያንግና ፍሮንት መንገዶች ማዕዘን ላይ ነው፣ መግቢያው ግን በብሩክፊልድ ፕሌስ ውስጥ በኩል ነው፤ የተመራጮቹ ስም ያለበት ክፍል በጥንቱ የባንክ ሕንፃ ውስጥ ይገኛል። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በልጆች ይሞላል፤ በሥራ ቀን ጠዋት ሂዱ።